ከልጇ በ11 ዓመት የምታንስ እናት

(እዚህ ስቶክሆልም በአንድ የፊልም ምሽት ላይ ያደረግኩት ንግግር ነው። በአፌ እንደወጣ ነው የፃፍኩት፣ አንዳንድ ቦታ ላይ ብቻ ስምና ዓመተ ምህረት አስተካክያለሁ።)

እንደምን አመሻችሁ፣ በዚህ ብርድ ስለመጣችሁ በጣም ነው የማመሰግነው። ኖቬምበር ሲያልቅ እዚህ አገር ፀሐይ ገና በዘጠኝ ሰዓት ትጠልቃለች፣ ሰው ከስራ ሲወጣ የሚያስበው ቤቱ ገብቶ ብርድ ልብስ ውስጥ መጠቅለል ብቻ ነው፣ እናንተ ግን ከሞተች ከ50 ዓመት በላይ ስለሆናት አንዲት የስዊድን ተዋናይ ልትሰሙ መጣችሁ። እግዜር ይስጥልኝ።

ስሟ ናይማ ቪፍስትራንድ ነው። ሴፕቴምበር 4 ቀን 1890 እዚሁ ስቶክሆልም ተወለደች፣ ኦክቶበር 1968 እዚሁ ስቶክሆልም አረፈች፣ የምጠራቸው ዓመታት በሙሉ በፈረንጅ ናቸው እንዳትምታቱ። የፊልም መሪ ተዋናይ አይደለችም። ካራክተር ተዋናይ የሚባሉት አሉ አይደል፣ አያት፣ አክስት፣ የቤት ሰራተኛ፣ ጠንቋይ፣ አከራይ ሆነው ለሦስት ለአራት ደቂቃ ብቅ ብለው የሚሄዱት፣ ፊልሙ ካለቀ በኋላ ስማቸውን ሳታውቁ ፊታቸው ብቻ አዕምሯችሁ ውስጥ የሚቀረው፣ እንደዛ አይነት ነች።

እኔ እንዴት እንዳወቅኳት ልንገራችሁ። እዚህ በመጣሁ በሁለተኛው ዓመት ነው፣ ኤስኤፍኢ፣ ለመጤዎች የሚሰጠውን የስዊድንኛ ትምህርት፣ እየተማርኩ፣ ብዙዎቻችሁ አልፋችሁበታል ታውቁታላችሁ፣ አስተማሪያችን አንድ ቀን ቋንቋ እንድንለማመድ ብላ ጥቁርና ነጭ ፊልም አመጣችልን። ፊልሙ የታዋቂው የስዊድን ዳይሬክተር የኢንግማር በርግማን «ስሙልትሮንስቴለት» ነው፣ ወደኛ ቋንቋ ሲመለስ «የዱር እንጆሪ የሚበቅልበት ቦታ» እንደማለት ነው፣ ስዊድኖች ደሞ ይሄን ቃል ሰው ለራሱ ብቻ የሚያውቀው፣ የሚወደው፣ ደበቅ ያለ ቦታ ለማለትም ይጠቀሙበታል። ፊልሙ የወጣው በ1957 ነው። ክፍሉ ውስጥ ከሶማሊያ፣ ከሶርያ፣ ከኤርትራ፣ ከኛም አገር የመጣን ሰዎች ነበርን፣ ግማሹ ቀኑን ሙሉ ሲሰራ ውሎ የመጣ ነው፣ የሚያንቀላፋም ነበር፣ እኔም ስለ ፊልሙ ብዙ የገባኝ ነገር አልነበረም፣ አንድ ሽማግሌ ሀኪም በመኪና እየሄደ ያለፈ ህይወቱን ያስባል፣ ይሄው ነው። ከዛ አንድ ሲን መጣ፣ ክፍሉ በሙሉ ዝም አለ፣ ያንቀላፋውም ነቃ። ያ ሲን የናይማ ነው።

ሀኪሙ ኢሳክ ቦርግ ይባላል፣ 50 ዓመት በሙያው ስላገለገለ ሉንድ ዩኒቨርሲቲ የክብር ማዕረግ ሊሰጠው ከስቶክሆልም ወደ ሉንድ እየነዳ ነው፣ ምራቱ ማሪያን አብራው አለች። መንገድ ላይ «እናቴን ሰላም ልበላት» ብሎ ይቆማል። አስቡት፣ ሰውየው ራሱ ከ75 በላይ የሆነ ሽማግሌ ነው እና እናት አለችው! ይገባሉ፣ አሮጊቷ ትልቅ ወንበር ላይ ቀጥ ብላ ተቀምጣለች። መጀመሪያ ማሪያንን አይታ የኢሳክ ሚስት መስላት ፊት ትነሳለች፣ ያቺ ሴት በጣም ጎድታናለችና ላናግራት አልፈልግም ነው ነገሩ፣ ኢሳክ ኧረ ይቺ የልጄ ሚስት ናት ብሎ ያስረዳታል። ከዛ አንድ ትልቅ ሳጥን ታስመጣለች። ሳጥኑ ውስጥ የልጆቿ የድሮ መጫወቻ ነው ያለው፣ አሻንጉሊት፣ ፎቶ፣ ምናምን። 10 ልጅ ወልዳለች፣ ከኢሳክ በስተቀር ሁሉም ሞተዋል። አንዱን ዕቃ ታነሳለች፣ የማን እንደነበር ትናገራለች፣ ታስቀምጠዋለች፣ ሌላውን ታነሳለች። እንባ የለም፣ የሚንቀጠቀጥ ድምፅ የለም፣ የሙት ልጅ መጫወቻ የያዘች እናት ሳይሆን የሱቅ ዕቃ የምትቆጥር ሴት ነው የምትመስለው፣ እና በትክክል ለዛ ነው የሚያስፈራው።

በመጨረሻ አንድ የወርቅ የኪስ ሰዓት ታወጣለች። 50 ዓመት ሊሞላው ለሆነ የቤተሰቡ ልጅ በስጦታ ልትሰጠው አስባለች፣ ይጠገን ይሆን ብላ ትጠይቃለች። ሰዓቱ ቆጣሪ የለውም። ፊቱ ባዶ ነው። ያንን ሰዓት ኢሳክ ያውቀዋል፣ ጠዋት በህልሙ ባዶ መንገድ ላይ ቆጣሪ የሌለው ሰዓት አይቶ በድንጋጤ ነቅቷል፣ የኛ አይን ደሞ ያንን ህልም ከኢሳክ ጋር አይቶታል፣ ስለዚህ አሮጊቷ ሰዓቱን ስትዘረጋለት እሱም እኛም እኩል ነው የምንደነግጠው። እሷ ግን ምንም አላወቀችም። እንደው እንደ ቀላል ነገር ትናገራለች፣ ዕድሜዬን ሙሉ ይበርደኛል ትላለች፣ በተለይ ሆዴ አካባቢ፣ ለምን ይሆን ትለዋለች ሀኪም ልጇን። ልጇም እንደ ሀኪም ይመልስላታል፣ የደም ግፊትሽ ዝቅ ብሎ ነው አይነት ነገር ይላታል። እናትና ልጅ ሲነጋገሩ ነው እንግዲህ ይሄ።

እኔ ለብዙ ዓመት የአረጋውያን ቤት ለቤት እንክብካቤ ላይ ነው የሰራሁት፣ ሄምቸንስት፣ እዚህ ክፍል ውስጥም በዚህ ስራ ላይ ያላችሁ እንዳላችሁ አውቃለሁ። ያ ሳጥን በየቤቱ አለ። ለኛ የተሰባበረ ዕቃ ነው፣ ለእነሱ እያንዳንዱ ስም አለው። አንዲት የማውቃት እናት ነበረች፣ ዘጠና ምናምን ዓመቷ፣ ቅዳሜ ጠዋት ጠዋት ቁርሷን ሳቀርብላት የብስኩት ቆርቆሮ ከፍታ ቁልፍ ታሳየኝ ነበር፣ የልብስ ቁልፍ፣ ይሄ የእገሌ ኮት ይሄ የእገሊት ቀሚስ እያለች፣ ድምጿም እንደዛው ነበር፣ ደረቅ፣ ያለ እንባ። እኔ መጀመሪያ አካባቢ ልባቸው የደነደነ ነው ብዬ አስብ ነበር። በኋላ ነው የገባኝ፣ ብዙ ጊዜ የተነገረ ሀዘን ድምፁ እንደዛ ነው የሚሆነው፣ ጠርዙ ተበልቶ ያልቃል። ናይማ ይሄንን ታውቃለች። ፊልም ላይ አሮጊት ሆኖ መጫወት ማለት ለብዙ ሰው ወገብ ማጉበጥና ድምፅ ማንቀጥቀጥ ነው፣ እሷ ጀርባዋን ቀጥ አድርጋ ድምጿን አጥርታ ነው የተጫወተችው።

አሁን ደሞ ከዛ ቀን በኋላ ቤቴ ገብቼ ስፈልግ ያገኘሁትን፣ በጣም ያስደነገጠኝን ነገር ልንገራችሁ። ኢሳክን የሚጫወተው ቪክቶር ሾስትሮም ነው፣ የስዊድን የድምፅ አልባ ፊልም ዘመን ትልቁ ዳይሬክተር፣ የተወለደው ሴፕቴምበር 1879። እናቱን የምትጫወተው ናይማ የተወለደችው ሴፕቴምበር 1890። ፊልሙ በ1957 ሰመር ላይ ሲቀረፅ እሱ 77 ዓመቱ፣ እሷ 66። እናትየዋ ከልጇ በ11 ዓመት ታንሳለች! እኔ ይሄንን ካነበብኩ በኋላ ሲኑን ደጋግሜ አየሁት፣ አስር ጊዜ ሳይሆን አይቀርም፣ የቱ ጋር ነው የምትጋለጠው ብዬ፣ የትም አትጋለጥም። ሾስትሮም በእውነት ደክሞ ነበር፣ በርግማን ራሱ እንደተናገረው አመሻሽ ላይ ቤቱ ገብቶ የለመዳትን ውስኪ እንዲጠጣ ቀረፃው በሰዓቱ ማለቅ ነበረበት፣ ከሁለት ዓመት ተኩል በኋላም በጃንዋሪ 1960 አረፈ። እና ያ በእውነት ያረጀ ሰው እሷ ፊት ሲቀመጥ ልጅ ይሆናል። ትከሻው ሁሉ ዝቅ ይላል። እሷ ናት ልጅ ያደረገችው።

ሾስትሮምን ካነሳሁ አንድ ነገር ሳልናገር ማለፍ አልችልም። እሱ በ1913 «ኢንየቦሪ ሆልም» የሚል ፊልም ሰርቷል፣ ባሏ ሞቶባት ሱቋ ከስሮባት ድሆች መጠለያ ስለገባች፣ ልጆቿን ስለተነጠቀች እናት። ትንሹ ልጅ በኋላ ሲያገኛት እናቱ መሆኗን አያውቅም፣ እሷም አዕምሮዋን ትስታለች። ከብዙ ዓመት በኋላ ትልቁ ልጅ መርከበኛ ሆኖ ይመጣል፣ የድሮ ፎቶዋን ሲያሳያት ነው ወደ ራሷ የምትመለሰው። ያ ፊልም በስዊድን ስለ ድሆች ህግ ትልቅ ክርክር አስነስቷል። እናትየዋን የተጫወተችው ሂልዳ ቦርግስትሮም ትባላለች፣ እሷም ከባሌት ዳንስ ተነስታ እስከ እርጅናዋ ፊልም ላይ የቆየች ትልቅ ካራክተር ተዋናይ ናት፣ በ1953 ነው የሞተችው። እንግዲህ ሾስትሮም በ33 ዓመቱ ከካሜራው ኋላ ቆሞ ልጆቿን ያጣች እናት ቀረፀ፣ በ77 ዓመቱ ከካሜራው ፊት ተቀምጦ ልጆቿን ያጣች እናት ልጅ ሆነ። የመጀመሪያዋ እናት በሀዘን አበደች፣ ሁለተኛዋ በረዶ ሆነች። በርግማን ሾስትሮምን እንደ አባት ነበር የሚያየው፣ ፊልሞቹን ደጋግሞ ያይ ነበር፣ ስለዚህ እኔ ይሄ በአጋጣሚ ብቻ የሆነ አይመስለኝም።

እሺ፣ ወደ ናይማ ልመለስ። ያቺ በረዶ የመሰለች አሮጊት በወጣትነቷ ምን እንደነበረች ታውቃላችሁ? ዘፋኝ! በ1910ዎቹና 20ዎቹ የኦፔሬታ ኮከብ ነበረች። ኦፔሬታ ማለት ያው ቀለል ያለ፣ ፍቅርና ሳቅ ያለበት፣ ዋልትዝ የሚደነስበት የሙዚቃ ተውኔት ነው። ገና በልጅነቷ ነው ከተዘዋዋሪ ቲያትር ቡድን ጋር የጀመረችው፣ ከዛ ድምጿን ተምራ ትልልቅ መድረክ ላይ ወጣች። ይሄ ለኔ ብዙ ነገር ያስረዳኛል፣ ምክንያቱም ዘፋኝ ትንፋሹን ያውቃል፣ የት መተንፈስ የት መያዝ እንዳለበት በሰውነቱ ነው የሚያውቀው፣ እሷም በኋላ ፊልም ላይ አንዲት አጭር ዓረፍተ ነገር ስትናገር ዝምታው ራሱ ልኬት አለው። ቃሉን ጥላው ትቆማለች፣ ትጠብቃችኋለች፣ ከዛ ነው ቀጣዩን የምትሰጣችሁ።

የኦፔሬታ ኮከብ ሲያረጅ አብዛኛውን ጊዜ በቃ ያልቃል፣ ድምፁም ይሄዳል መልኩም ይሄዳል። ናይማ ግን ዕድሜዋ 40ዎቹ ውስጥ ሲገባ ወደ ንግግር ቲያትር ዞረች። በ1938 እዚህ ስቶክሆልም የጀርመናዊውን ፀሐፌ ተውኔት የቤርቶልት ብሬሽትን «የወይዘሮ ካራር ጠመንጃዎች» ተጫወተች፣ የስፔን የእርስ በርስ ጦርነት ላይ ያለች፣ ልጆቿን ወደ ጦርነት አልልክም ያለች እናት ሆና። ብሬሽት ያን ጊዜ ከናዚ ሸሽቶ የወጣ ስደተኛ ነበር፣ በ1939 ወደ ስዊድን መጣና ሊዲንገ ተቀመጠ፣ ሊዲንገ የት እንደሆነ ታውቃላችሁ፣ ሜትሮ ተሳፍራችሁ ሮፕስተን ወርዳችሁ ድልድዩን መሻገር ነው። ናይማ የትወና ትምህርት ቤት ነበራት፣ የብሬሽት ሚስት ሄለነ ቫይገል፣ ያቺ የጀርመን ታላቅ ተዋናይ፣ ቋንቋ አጥታ መድረክ አጥታ ስትቀመጥ እዛ ትምህርት ቤት አስተማረች።

እና እዛ ጋር ነው «እናት ኩራዥ» የሚባለው ተውኔት የሚመጣው። ፊንላንዳዊው ገጣሚ ሩነበሪ በስዊድንኛ የፃፋት ሎታ ስቬርድ የምትባል ወታደር እየተከተለች መጠጥ የምትሸጥ ሴት አለች፣ ናይማ ይሄንን ግጥም ለብሬሽት አነበበችለት። እሱም በ1939 መከር ላይ፣ ጦርነቱ እንደጀመረ፣ በጋሪ ዕቃ እየጎተተች ከጦርነት የምትነግድ፣ ልጆቿን አንድ በአንድ በዛው ጦርነት የምታጣ እናት ፃፈ። ኩራዥን ናይማ እንድትጫወታት ነበር ያሰበው፣ ለሚስቱ ለቫይገል ደሞ ድዳዋን ልጅ ካትሪንን፣ ስዊድንኛ ስለማትችል መናገር የማይጠበቅባት ገፀ ባህሪ ሰራላት ማለት ነው። እኔ ይሄንን ሳነብ አለቀስኩ፣ እውነቴን ነው። በዓለም ቲያትር ውስጥ ከሁሉም በላይ ከሚታወቁት ዝምታዎች አንዱ፣ የካትሪን ድዳነት፣ የመጣው ስደተኛ ሚስት ቋንቋ ስላልነበራት ነው። ኤስኤፍኢ የተቀመጠ ሰው ይሄ ይገባዋል። ያ ሀሳብ ሳይሆን ቀረ፣ በኤፕሪል 1940 ጀርመን ዴንማርክንና ኖርዌይን ስትወር ብሬሽት ቤተሰቡን ይዞ ወደ ፊንላንድ ሸሸ፣ ተውኔቱም መጀመሪያ የታየው በ1941 ዙሪክ ነው፣ ያለ ናይማ ያለ ቫይገል።

አሁን አንድ ነገር አስተያዩልኝ። ያቺ የሆሊውድ ኮከብ ግሬታ ጋርቦም የስቶክሆልም ልጅ ናት፣ በ1905 ነው የተወለደችው፣ ከናይማ በ15 ዓመት ታንሳለች። ጋርቦ የመጨረሻ ፊልሟን የሰራችው በ1941 ነው፣ ገና በ30ዎቹ ዕድሜዋ አጋማሽ ላይ፣ ከዛ በኋላ ግማሽ ክፍለ ዘመን ያህል ኖራ አንድም ፊልም አልሰራችም። ናይማ ደሞ ከዛ በፊት ፊልም ላይ ብቅ ብትልም ዛሬ የምናስታውሳትን ስራ የጀመረችው በ1948 ነው፣ በ57 ዓመቷ! አንዷ ፊቷ እንዳያረጅ ከካሜራ ሸሸች፣ አንዷ ፊቷ ካረጀ በኋላ ወደ ካሜራ መጣች። ጋርቦን ለመውቀስ አይደለም፣ የራሷ ምክንያት አላት፣ ግን ሲኒማ ለሴት ልጅ የሰጠው ዕድሜ ስንት እንደሆነ ከዚህ በላይ የሚያሳይ ነገር የለም። ናይማ ያንን ዕድሜ ተሻግራ ነው የገባችው።

በ1948 በርግማን ገና 29 ዓመቱ ነው፣ «ሙዚቃ በጨለማ» የሚል ፊልም ላይ ትንሽ ቦታ ሰጣት። በሚቀጥለው ዓመት «ጥም» ላይ የባሌት አስተማሪ ሆነች፣ በ1952 እና በ1955 ደሞ ሌሎች ሁለት ፊልሞቹ ላይ አለች። እነዚህን ቶሎ ቶሎ ነው የማልፋቸው፣ ትንንሽ ናቸው። ግን አሰራሩን ልብ በሉ። በርግማን ከ1952 እስከ 1958 ማልመ ከተማ ቲያትር ነበር፣ ክረምቱን ከተዋናዮቹ ጋር ቲያትር ይሰራል፣ ሰመር ላይ ቲያትሩ ሲዘጋ እነዛኑ ሰዎች ይዞ ፊልም ይቀርፃል። ናይማም የዚያ ቤት ሰው ነበረች። ማክስ ፎን ሲዶቭ፣ ኢንግሪድ ቱሊን፣ ቢቢ አንደርሶን፣ እነዚህ ሁሉ ወጣቶች ናቸው፣ ሽማግሌ ሲያስፈልግ ደሞ እሷ አለች። ለዚህ ነው ሦስት ደቂቃ ብቻ ብትታይ እንኳን እንግዳ የማትመስለው፣ አብረው በልተው አብረው ተለማምደው የመጡ ናቸው፣ ቤተሰብ ናቸው።

ትልቁን ቦታ ያገኘችው በ1955 «የበጋ ሌሊት ፈገግታ» ላይ ነው። እዚህ አገር ሰመር ሌሊቱ እንደማይጨልም ታውቃላችሁ፣ ፊልሙ በዛ በማይጨልም ሌሊት ውስጥ ባልና ሚስት፣ ውሽማና ውሽምዬ ሲቀያየሩ ነው የሚያሳየው። ናይማ አሮጊቷ ማዳም አርምፌልት ናት፣ በወጣትነቷ የትልልቅ ሰዎች ወዳጅ የነበረች፣ የምትኖርበትን ርስት ያገኘችው የህይወት ታሪኬን አልፅፍም ብላ ቃል በመግባቷ ነው። ልጇ ዴዚሬ ልታማክራት ትመጣለች፣ እሷ አልጋዋ ላይ ሆና ካርታ ትደረድራለች፣ ለብቻ የሚጫወቱትን አይነት። እና ካርታውን እያየች አንድ ነገር ትናገራለች፣ ትርጉሙ ባጭሩ፣ ሰው ማንንም ሰው ከአንዲት ስቃይ እንኳን ማዳን አይችልም፣ ሰውን በጣም የሚያደክመውም እሱ ነው፣ የሚል። ይሄ ኮሜዲ ፊልም ነው! ሰው እየሳቀ ባለበት መሀል ነው የምትናገረው። እና ድምጿን አትቀይርም፣ ስለ ካርታው እንደምታወራ ነው የምትለው። እኔ ይሄንን ሲን እናቴን ከቀበርኩ በኋላ በድጋሚ አየሁት፣ መሄድ ሳልችል ቀርቼ እዚሁ ሆኜ በስልክ ነው የቀበርኳት፣ እና ያቺን ቃል ስሰማ ለመጀመሪያ ጊዜ ያለማስመሰል የሚያናግረኝ ሰው ያገኘሁ መሰለኝ።

እዛው ፊልም ላይ የእራት ሲን አለ። ሁሉም የተጣላ የተቀያየመ ሰው አንድ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጧል፣ ሻማ በርቷል፣ አሮጊቷ ወይን ታስቀዳለች፣ ከዛ ስለ ወይኑ ትናገራለች፣ በየበርሜሉ ውስጥ የመጀመሪያ ልጇን ከወለደች እናት ጡት አንዲት ጠብታ ወተትና ከወጣት ፈረስ አንዲት ጠብታ ዘር ገብቶበታል፣ ኃይል አለው፣ የፈለገ ይጠጣ በራሱ ሃላፊነት ትላለች። ከዚህ በኋላ ነው ሁሉም ነገር የሚፈነዳው፣ ትዳሩ የሚፈርሰው፣ ወጣቶቹ የሚጠፉት። ወይኑ አስማት ኖረውም አልኖረውም ለውጥ የለውም፣ የተናገረችበት ድምፅ ነው አስማቱ። ፊልሙ በ1956 ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ሽልማት አገኘ፣ በርግማንን ዓለም ያወቀው ከዛ በኋላ ነው። በ1973 ደሞ አሜሪካኖች ፊልሙን ወደ ሙዚቃ ቲያትር ለውጠው ብሮድዌይ ላይ አወጡት፣ ስቲቨን ሶንድሃይም ነው ሙዚቃውን የሰራው፣ ማዳም አርምፌልትም እዛ ውስጥ አለች፣ እስከዛሬ በየአገሩ ትልልቅ አሮጊት ተዋናዮች የሚመኟት ሚና ናት። መጀመሪያ የተጫወተቻት ማን እንደሆነች የሚያውቅ ግን ጥቂት ነው፣ ይሄ ያንገበግበኛል፣ ምክንያቱም የኦፔሬታ ኮከብ የነበረች ሴት የፈጠረቻት ገፀ ባህሪ ናት ተመልሳ ወደ ሙዚቃ የሄደችው፣ እሷ ሳታየው።

በ1958 «ፊት» የሚል ፊልም መጣ፣ በ1846 ከከተማ ከተማ የሚዞሩ የአስማት ትርኢት ሰሪዎች ታሪክ ነው። ናይማ የቡድኑ አያት ናት፣ ከ200 ዓመት በላይ ኖሬያለሁ የምትል፣ ጫካ ውስጥ እያጉረመረመች መድኃኒት የምትሰበስብ፣ የፍቅር መድኃኒት የምትሸጥ። ፊልሙን እንደ አጠቃላይ ከ«የዱር እንጆሪ» እኩል አላየውም፣ እሷን ግን እዚህ ላይ ነው ነፃ ሆና ያየኋት፣ ታስቃለች፣ ታስፈራለች፣ ደሞም ታሳዝናለች። ሌሊት አንዲት ትንሽ ሰራተኛ ልጅ ፈርታ ስታለቅስ አጠገቧ ተቀምጣ ታንጎራጉርላታለች። ያ ድምፅ በአንድ ወቅት ትልልቅ አዳራሽ የሞላ ድምፅ ነው። አሁን ለአንዲት ልጅ ብቻ፣ ዝቅ ብሎ፣ ትንሽ ሻከር ብሎ ይወጣል። በጆሮ ማዳመጫ ስሙት። በመጨረሻም ያቺ አያት ያጠራቀመችውን ገንዘብ ይዛ የራሷን መንገድ ትሄዳለች፣ ሌሎቹ ሲዋረዱ እሷ ነገሯን አዘጋጅታ ነበር።

እሷን የመሰሉ ሌሎችም እንዳሉ እንድታውቁ ሲፍ ሩድን ልጥራላችሁ፣ እዚሁ «ፊት» ላይም «የዱር እንጆሪ» ላይም አለች፣ በ2011 ነው በ95 ዓመቷ አካባቢ ያረፈችው፣ እሷም ብቻዋን አንድ ምሽት ይገባታል።

በ1966 ናይማ 76 ሊሆናት ነው፣ ማይ ሴተርሊን «የሌሊት ጨዋታ» የሚል ፊልም ላይ አስገባቻት፣ ማይ ራሷ ታዋቂ ተዋናይ ነበረች፣ ዳይሬክተር የሆነችው በኋላ ነው። ፊልሙ ቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ትልቅ ሁካታ አስነሳ፣ ለህዝብ ሳይሆን ለዳኞችና ለጋዜጠኞች ብቻ ነው የታየው። ናይማ እዛ ውስጥ አክስት ናት። በዛ ዕድሜዋ ሰላማዊ የሆነ ፊልም ብቻ ልምረጥ አላለችም ማለት ነው፣ ይሄን በጣም ነው የማከብረው።

የመጨረሻዋን በርግማን ጋር ነው የሰራችው፣ «የተኩላ ሰዓት»፣ ፌብሩዋሪ 1968 ወጣ። በአንድ ደሴት ላይ ያለ ሰዓሊ፣ ማክስ ፎን ሲዶቭ፣ አዕምሮው እየተረበሸ የሚያያቸው ሰዎች አሉ፣ ከነሱ አንዷ ባርኔጣ ያደረገች አሮጊት ናት። መጀመሪያ በጠራራ ፀሐይ ለሚስቱ ለሊቭ ኡልማን ትገለጥላታለች፣ ዕድሜዬ 216 ነው ትላታለች፣ ከዛ አይ ተሳስቻለሁ 76 ብላ ታርማለች። ተመልከቱ፣ በ«ፊት» ላይ 200 ዓመት የሞላት አያት ነበረች፣ እዚህ ደሞ 216፣ ከዛ የእውነት ዕድሜዋ አካባቢ ያለ ቁጥር። መጨረሻ አካባቢ ደሞ ባርኔጣዬን ካወለቅኩ ፊቴም አብሮ ይወልቃል ትላለች። እና ታወልቀዋለች። ፊቷን እንደ ጭንብል ታወጣዋለች፣ አይኖቿን ብርጭቆ ውስጥ ታስቀምጣለች። ብዙ ሰው ይሄን እንደ ሆረር ነው የሚያየው፣ ያስፈራልም። እኔ ግን ያ እጅ እንዴት ተረጋግቶ እንደሚሰራ ነው የማየው፣ የእራት ልብሷን አውልቃ እንደምትተኛ ሰው። ከስምንት ወር በኋላ፣ በዛው ዓመት በኦክቶበር፣ በ78 ዓመቷ አረፈች።

እንግዲህ ሲኑን አብረን እንየው፣ ከ«የዱር እንጆሪ» ነው፣ ብዙ ደቂቃ አይወስድም። አንድ ነገር ብቻ ልለምናችሁ። ማሪያን፣ ምራቲቱ፣ በኋላ መኪና ውስጥ ያቺን አሮጊት አይታ ምን እንደተሰማት ትናገራለች፣ እንደ በረዶ የቀዘቀዘች፣ ከሞት የባሰች የምታስፈራ ሴት ብላ፣ የኢሳክ ብርድ፣ የኢሳክ ልጅ ብርድ፣ የፊልሙ ብርድ በሙሉ ከየት እንደመጣ የሚገባን እዛ ክፍል ውስጥ ነው፣ ያንን ሲን ብታወጡት ሰዎቹ ለምን እንደዛ እንደሆኑ አይታወቅም። ስለዚህ ሰው ሁሉ የሚያየው የሾስትሮምን ፊት ነው፣ ድንቅ ፊት ነው እውነት ነው፣ እናንተ ግን ዛሬ እሷን እዩልኝ፣ ሳጥኑ ውስጥ የምትገባዋን እጅ። እና ሰዓቱን ስትሰጠው ቀና ብላ ታየው እንደሆነ ልብ በሉ።

በሩ አጠገብ ያላችሁት፣ እባካችሁ መብራቱን አጥፉልን።